የምንጃር ሳምቡሳ

ዐቢይ ጾም በገባ ቁጥር ሳምቡሳ ከየትም ይፈልቃል። ከሳሪስ እስከ አቃቂ ባለው መንገድ በየካፌው በር በመስታወት ሣጥን ተደርድሮ፣ በየቤተ ክርስቲያኑ ደጅ በላስቲክ ባልዲ ተሸፍኖ ይሸጣል። "የጾም ነው" ትላለች ሻጯ፤ ገዢውም ከዚያ በላይ የሚጠይቀው የለውም። በቀደም ደግሞ የልጅ ልጄ ከጓደኞቿ ጋር ስታወራ ሳምቡሳን ከሽሮና ከስልጆ ጋር አንድ ላይ "የባህል ምግባችን" ብላ ስትቆጥረው ሰማኋት። ጣልቃ ገብቼ ላርማት አፌ ድረስ መጣና ተውኩት። ማን አለ ይሄን ታሪክ ተቀምጦ የሚሰማ? እኔን ግን ያ ሦስት ማዕዘን ነገር አንድ ጊዜ ከትዳሬ ሊያስወጣኝ ምንም አልቀረውም ነበር።

አቃቂ የገባሁት ሙሽራ ሆኜ ነው፣ ከሞጆ፣ በባቡር። ባሌ የባቡር ሰው ነበር። ከሳምንቱ አብዛኛውን አዋሽና ድሬዳዋ ያሳልፈዋል፤ ቤት ሲመጣም ተኝቶ ነው የሚነሳው። ቤቱ የእናቱ ነበር። ጓዳው የእሳቸው፣ የጓዳው ቁልፍ የእሳቸው፣ ዶሮዋ እንኳ የምታሽካካው እሳቸውን አይታ ይመስለኝ ነበር።

አማቴ ክፉ ሴት አልነበሩም። አስቀድሜ የምናገረው ወደ በኋላ ክፉ እንዳይመስሉባችሁ ነው። የምንጃር ሰው ናቸው፤ ሙያ የሚባል ነገር ምንጃር ተፈጥሮ እዚያው የቀረ ይመስላቸዋል። ውሸት አይወዱም፣ ሐሜት አይወዱም፣ ለብ ያለ ወጥ አይወዱም። ከልጃቸው ቀጥሎ የሚወዱት ጽዋ ማኅበራቸውን ነው። የአቦ ማኅበር ነበር። አቃቂ ያኔ በባቡርና በፋብሪካ ምክንያት ከየአገሩ የተለቃቀመ ሰው የሚኖርበት ከተማ ስለነበር፣ ለብዙው ሰው ዘመዱም እናቱም ማኅበሩ ነው። ሲታመም የሚጠይቀው፣ ሲሞት የሚያለቅስለት እሱ ነው። አማቴ በዚያ ማኅበር ውስጥ በሙያቸው የተከበሩ ነበሩ። ያን ክብር ይዞ የሚያቆይላቸው እጅ ደግሞ እኔ ከገባሁ ወዲህ የኔ መሆኑ ነው፤ እሳቸው ወገባቸውን ያማቸው ጀምሮ ነበርና።

እኔም በገባሁ በዓመቱ ጠላውን አሻገትኩባቸው። ቀጥሎ ድፎውን ከሥሩ አከሰልኩት። ያኔ ቢቆጡኝ በተሻለ ነበር። እሳቸው ግን የዐቢይ ጾም መግቢያ ላይ ቡና ቤት እንደሚያወራ ሰው በተረጋጋ ድምፅ እንዲህ አሉኝ፦

"የመጋቢት አቦ ተራው የኔ ነው። በማኅበሬ ፊት ካዋረድሽኝ፣ የመጣሽበት ባቡር ዛሬም ይሄዳል።"

ለዛሬ ልጆች ይሄ ቀልድ ሊመስላቸው ይችላል። ያኔ ሙያ የላትም ተብላ ወደ እናቷ የተመለሰች ሙሽራ ስሟ ለእሷ ብቻ አይተርፍም፤ ታናናሾቿንም አብሮ ያስቀራል። እኔ ደግሞ ሞጆ ላይ ለዓቅመ ሔዋን የደረሱ ሁለት እህቶች ነበሩኝ። ባቡሩ በቤታችን አቅራቢያ ነበር የሚያልፈው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ፊሽካው በተሰማ ቁጥር እጄ ላይ ያለውን ነገር አስቀምጣለሁ፤ እኔን ሊወስድ የመጣ ይመስለኛል።

ከግቢያችን ጀርባ የዐረብ ሱቅ ነበር። ባቡር በሚቆምበት ከተማ ሁሉ የዐረብ ሱቅ አይጠፋም፤ ስኳሩ፣ ላምባው፣ ክብሪቱ ከዚያ ነው። ባለሱቁ ባቡር ሊደርስ ሲል ደጃፉ ላይ ምድጃ አውጥቶ ሳምቡሳ ይጠብሳል። በሥጋ ነው። መንገደኛው እስላም እየገዛ ይበላል፤ ክርስቲያኑ ሽታውን እያሸተተ ያልፋል። እስላም የባረከውን ሥጋ መብላት ያኔ ከሃይማኖት እንደመውጣት ነው የሚቆጠረው። አማቴማ ጭሱን ራሱ ይጾሙታል። ወደ እኛ ግቢ ሲነፍስ ተነስተው መስኮት ይዘጋሉ፤ እኔም ከአጥሩ እንዳልሻገር ነግረውኛል።

የባለሱቁ ሚስት ከየመን በጅቡቲ አድርጋ የመጣች ናት። ከኔ ጥቂት ብትበልጠኝ ነው። እሷም ባቡሩ አውርዶ ጥሏት የሄደ ሰው ነበረች፤ ያ ይመስለኛል ያቀራረበን። አማርኛዋ ከሱቁ ባንኮኒ የተለቀመ ስለሆነ አንቱ የሚባለውን ነገር ጨርሶ አላወቀችም። ሽማግሌውንም፣ ቄሱንም፣ ዳኛውንም "አንተ" ነው። ሰው ይስቃል እንጂ አይቀየማትም። ልብስ ሳሰጣ በአጥሩ ቀዳዳ እናወራለን፤ አማቴ ገበያ በዋሉበት አንድ ከሰዓት ደግሞ አጥሩን ተሻገርኩና ሊጡን እንዴት አሳስታ እንደምትዳምጠው፣ እንዴት አጥፋ ኪስ እንደምታስመስለው አሳየችኝ። ሥጋውን አልነካሁም። ባዶውን ሊጥ እያጠፍኩ፣ እየፈታሁ፣ እንደገና እያጠፍኩ ዋልኩ። ከሰው ጋር መሥራት ናፍቆኝ ነበር።

የመጋቢት አቦ ዕለት አማቴ ከማኅበርተኞቻቸው ጋር በሌሊት ሳሪስ አቦ ሄዱ። ጾም ስለሆነ ቅዳሴው ወደ ዘጠኝ ሰዓት ነው የሚወጣው፤ ከዚያ ሁሉም እኛ ቤት መጥተው ጽዋውን ይጠጣሉ፣ ይበላሉ። ሽሮው፣ ጎመኑ፣ ስልጆው ደርሷል። ዳቦው እንዲያ እንደ ፈራሁት ሳይሆን አምሮበታል። የቀረኝ የምስር ወጡ ነው። የአማቴ ስም ያለው ደግሞ በእሱ ነው፤ ማኅበርተኞቹ "የእሳቸው ምስር" እያሉ ከዓመት ዓመት ያወሩታል።

ምስሩ እምቢ አለኝ። የቆየ ምስር ኖሮ፣ ብቀቅለው ብቀቅለው ይበስላል እንጂ አይፈርስም። ውሃ ስጨምር ውሃውና ምስሩ ተኳርፈው ለየብቻ ይቆማሉ። እሳት አበዛሁ፤ ባሰበት። ፀሐይዋ አጥሩን አልፋ ወደ ደጃፉ ስትመጣ ድስቱ ውስጥ ያለው ነገር ወጥ አልነበረም፤ ውሃ ውስጥ የተነከረ ጠጠር በሉት። ቀኑ በዓል ነው፣ የክርስቲያኑ ሱቅ ሁሉ ዝግ ነው። ዐረቡ ዘንድ ሮጬ ምስር ብለው ጾም ስለሆነ አልቋል አለኝ። እዚያው የሱቁ ደረጃ ላይ ቁጭ ብዬ እናቴ በራችን ላይ ቆማ ከነሻንጣዬ ስታየኝ ፊቷ ምን እንደሚመስል ታየኝ።

ሚስቱ ከጓሮ መጥታ እንዲህ ሆኜ አገኘችኝ።

"ምስር ሳምቡሳ ውስጥ ይገባል?" አልኳት። ከየት እንደመጣልኝ አላውቅም። ያልፈረሰ ምስር የሚሆነው ነገር ሌላ አልታየኝም።

"ምስር?" ብላ ሳቀች። "ምስር ሾርባ ነው። ሥጋ ከሌለ ሳምቡሳ ምን ያደርጋል?" ከዚያ ፊቴን አየችውና ሳቋን ዋጠችው። "ሞክሪው እስቲ። ግን ውሃ ካለው ይፈነዳል። አጥልዪው፣ ድርቅ አድርጊው።"

ፉርኖ ዱቄትና አንድ ቆርቆሮ ዘይት ገዛሁ። ቆርቆሮውን እሷው ናት በዓይኔ ፊት የከፈተችው። የጠበስኩበት ብረት ድስት የራሳችን ነው፤ ከሷ ቤት ማንኪያ እንኳ አልወሰድኩም። ይሄን ሁሉ የምዘረዝረው ሰው ቢጠይቀኝ እንዲህ ብዬ እመልሳለሁ እያልኩ ያን ቀን በልቤ ስደጋግመው ስለዋልኩ ነው። ምስሩን አጠለልኩት፣ ሽንኩርትና ቃሪያ ከትፌ ለወስኩት፣ አጠፍኩት፣ በዱቄት ብጥብጥ ጠርዙን አጣበቅኩት። የመጀመሪያውን ዘይት ውስጥ ስከት ዓይኔን ጨፍኜ ነበር። አልፈነዳም። ቀይ ሆኖ፣ አብጦ ወጣ። ቆንጆ ነበር። ቆንጆነቱ ራሱ ነው ያስፈራኝ፤ ማንም ሰው አይቶ አይስተውም፣ ቁርጥ የዐረቡ ነው።

ሌላ ነገር ለማድረግ ጊዜ አልነበረም። የአማቴን ድምፅ ከበሩ ሰማሁ።

ማኅበርተኞቹ ገብተው ተቀመጡ። የነፍስ አባታቸው ጸሎቱን አድርሰው ዳቦውን ባረኩ፣ ጽዋው ዞረ። ሽሮውም ጎመኑም ተመሰገነ። እኔ ጓዳ ውስጥ ሳምቡሳውን ሰፌድ ላይ ደርድሬ በጨርቅ ሸፍኜ ቆሜአለሁ። አማቴ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው "ምስሩንስ?" አሉ። የሚኩራሩበት ድምፅ ነበር።

ሰፌዱን አምጥቼ መሐል አስቀመጥኩት።

አማቴ ሰፌዱን አዩት፣ እኔን አዩኝ፤ ፊታቸው አመድ መሰለ። አጠገባቸው የተቀመጡት ከማኅበሩ ሁሉ በዕድሜ የሚበልጡ ሴትዮ አንገታቸውን አስግገው አዩና፣

"ይሄ ዐረቡ ደጃፉ ላይ የሚጠብሰው አይደለም እንዴ?" አሉ።

ቄሱ ወደ ሰፌዱ ዘርግተውት የነበረውን እጅ ቀስ ብለው መለሱ። "በጾም?" አሉ፤ ከዚያም ዝቅ አድርገው "በአቦ?" አሉ። ደግ ሰው ነበሩ፤ ድምፃቸው ውስጥ ቁጣ አልነበረም። ያዘኑ ይመስሉ ነበር፤ እሱ ደግሞ ከቁጣው የባሰ ነው። አንዷ ነጠላዋን ወደ አፍንጫዋ ስታመጣ አየኋት። አለቀልኝ አልኩ። ልብሴን የት የት እንዳስቀመጥኩ በልቤ መሰብሰብ ጀመርኩ።

"የምን ዐረብ?" አሉ አማቴ።

ሁሉም ወደሳቸው ዞረ።

"የኛ አገር ነው እንጂ። ምንጃር ለጾም የሚሠራ ነው። እናቴ ትሠራው ነበር፤ እኔ ነኝ ሥሪው ያልኳት።"

በቆምኩበት ደነገጥኩ። እኚያ ሴት ለሻጭ እንኳ "የለኝም" ብለው የማይዋሹ ናቸው። ጾመው፣ አስቀድሰው መጥተው፣ የነፍስ አባታቸው ፊት ቁጭ ብለው ነው ይሄን የተናገሩት።

ሴትዮዋ ግን የዋዛ አልነበሩም። "እኔስ የት ተወለድኩ? ምንጃር አይደለም እንዴ? እንዲህ ያለ ነገር አይቼም ሰምቼም አላውቅ።"

"እናንተ የታች ናችሁ፣ ወደ ቆላው። ይሄ የደገኛው ነው።"

"ስሙስ ማነው?"

አማቴ ወደኔ ዘወር አሉ። እኔ ምን ልበል? የማውቀው አንድ ስም ነው፤ እሱ ደግሞ ከተጠራ ጉድ ነው። "የምስር ጥቅል" አሉ መጨረሻ ላይ፣ የሰው ስም እንደጠፋበት ሰው።

እዚህ ላይ ቢያበቃ ምናልባት ይታለፍ ነበር። በሩ ተገፋና ጎረቤቴ፣ የባለሱቁ ሚስት፣ ጭንቅላቷን አስገባች። ማኅበር መኖሩን አላወቀችም፤ እኔን ብላ ነው የመጣችው። "እንዴት ሆነልሽ? ፈነዳ?" አለች። ከዚያ ቤት ሙሉ ሰው አየችና ቆመች።

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። ሴትዮዋ "ይኸውላችሁ" አሉ፣ እጃቸውን አጨብጭበው። አማቴ አንገታቸውን ደፉ። ጭሷን ሽሽት መስኮት ሲዘጉባት የኖሩ ሴት፣ ስማቸውም ክብራቸውም በሷ አንድ ቃል ላይ ወደቀ። የኔም ትዳር እንዲሁ።

"ነይ እስቲ ግቢ ልጄ" አሏት ቄሱ። "ይሄን ታውቂዋለሽ? የናንተ ነው?"

ገባች። ሰፌዱን አየች። አማቴን አየች፤ እኔን አየች። ጎንበስ ብላ አንዱን አነሳችና ለሁለት ከፈለችው፤ ወደ ውስጡ አጮለቀች።

"ይሄ ምስር ነው" አለች። "የኛ ሥጋ ነው። ምስር እኛ ሾርባ ነው የምናደርገው።"

"ታዲያ ምንድነው ፈነዳ ያልሽው?" አሉ ሴትዮዋ።

"ዘይት ከኛ ወሰደች። አዲስ ቆርቆሮ፤ እኔ ከፈትኩላት። አዲስ ዘይት እሳት ላይ ይፈነዳል፣ እጅ ያቃጥላል። ለእጇ ፈራሁ።" ይሄን ብላ ወደ ቄሱ ዞረች። "አባ፣ ዛሬ ጾም ነው አይደል?"

"ጾም ነው።"

"አንተ ስትጾም ትበላለህ። እኛ ስንጾም አንበላም፣ ውሃም የለ። ጾም ላይ የሚበላ ምግብ የሚባል እኛ አገር የለም። ይሄ የጾም ከሆነ የናንተ ነው።"

የቄሱ ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ያለቀሱ መስሎኝ ነበር፤ ለካ እየሳቁ ነው። "እውነቷን እኮ ነው" አሉ፣ "የሚበላ ጾም ያለን እኛው ነን።" አንዱን አንስተው አማተቡበት፣ ቆረሱ። ከዚያ ሌላው እጁን ሰደደ። ነጠላዋን አፍንጫዋ ላይ ያደረገችውም አነሳች። የምንጃሯ ሴትዮ የመጨረሻዋ ነበሩ። ቀመሱ፣ ደገሙ፣ አኘኩና ወደ ጣሪያው አይተው፣

"አሁን ትዝ አለኝ" አሉ። "አያቴ ዘንድ ሳልቀምሰው አልቀርም።"

እኔ ፈጠርኩት አልልም። ባቡር በሚያልፍበት ከተማ ሁሉ አንዲት ምስር እምቢ ያላት፣ አማቷን የምትፈራ ሙሽራ ሳትኖር አትቀርም። እኔ የማውቀው የኛን ሰፈር ነው። በቀጣዩ ጾም ከዚያ ማኅበር ሴቶች አንዷ ፋብሪካው ደጅ ለሠራተኛው መሸጥ ጀመረች፤ "የምንጃር ሳምቡሳ" ነበር የምትለው። ጥቅል የሚለውን ስም ማንም አልያዘውም። በሁለተኛው ዓመት ምንጃርም ቀረ።

ያን ዕለት ግን ይሄ ሁሉ የት አለ? እንግዶቹ መርቀው እንደወጡ ቤቱ ውስጥ እኔና አማቴ ቀረን። ዕቃ አጥቤ፣ ቤት ጠርጌ፣ የተጠረገውን እንደገና ጠረግኩ። ሰው በዳነበት ሰዓት ይረጋጋል ይባላል፤ እኔ ግን የባሰ ፈራሁ። እዚያ የተረፍኩት ለሰው ፊት ነው፣ ለቤቱ ሌላ ፍርድ ይኖራል ብዬ። በኔ ምክንያት በአቦ ቀን ዋሹ። ይሄን እንዴት ይቅር ይሉኛል? ጀምበር ሳትጠልቅ የተረፈውን ሳምቡሳ በሳህን አድርገው ሸፈኑና ነጠላቸውን አጣፉ።

"ተከተዪኝ" አሉኝ።

ወደ ባቡር ጣቢያው የሚወስደው መንገድ በግቢያችን ጀርባ ነው። ወደዚያ ሲታጠፉ ሳህኑ ለመንገድ ስንቄ መሰለኝ። ዐረቡ ሱቅ ጋ ሲደርሱ ቆሙ፤ ከዚያ ያን ሁሉ ዓመት ያልረገጡትን ደረጃ ወጡ። ጎረቤቴ ብቻዋን ነበረች። ሳህኑን ባንኮኒው ላይ አስቀመጡላት።

"ይሄ ያንቺ ነው" አሏት። "ምንጃር እንዲህ ያለ ነገር የለም። ዋሽቼ ነው።"

"አውቃለሁ" አለች እሷ። አንዱን አነሳችና ገመጠችው፤ ምስሩን እያጣጣመች ቆየች። "ግን የኔም አይደለም። እናቴ ዐደን ነው የለመደችው። ጎረቤቷ ህንድ ነበረች፣ ከሷ ነው። እናቴ ግን ለሰው ሁሉ የአባቴ አገር ምግብ ነው ትላለች።"

አማቴ የሱቁ ወንበር ላይ ተቀመጡ። ይሄን ነገር ቀስ ብለው አሰቡት። "ህንዷስ?" አሏት።

"እሷማ ከየት እንዳመጣችው ማን ያውቃል።"

አማቴ ሲነሱ እጇን ያዙና ትንሽ ቆዩ፤ እንደዚያ ሲያደርጉ ከማኅበርተኞቻቸው ጋር ካልሆነ አይቼ አላውቅም። ወጣን። ወደ ጣቢያው ሳይሆን ወደ ግቢያችን ዞሩ። እኔ ግን አሁንም አላመንኩም፤ ነገሩን ከዚህ በላይ መሸከም አቃተኝና መንገድ ላይ ቆምኩ።

"እማማ" አልኳቸው፣ "ልብሴን ላዘጋጅ?"

"የምን ልብስ?"

"ባቡሩ…" አልኩና ማልቀስ ጀመርኩ።

አማቴ ግራና ቀኝ አዩ፤ ሰው እንዳይሰማ ጠጋ አሉኝ። "ማኅበርተኞቹ አሠራሩን አሳዪን ብለው ሐሙስ ይመጣሉ" አሉኝ። "የምንጃር ልጅ ሆኜ ማጠፉን አላውቀውም ልል ነው? ይልቅ ነገ በጠዋት ተነሺና አስተምሪኝ።"